ውድድሩን አንደኛ አልፌ «የትምህርት መስክሽ አይዛመድም» ተባልኩ፤ የት ልክሰስ?

ጠያቂዋ (አዲስ አበባ)፦
ሰላም ወገኖች። በአንድ የገንዘብ ቁጠባና ብድር ኅብረት ሥራ ዩኒየን ውስጥ ብድር ኦፊሰር ሆኜ 7 ዓመት ሠርቻለሁ። ጥቅምት ላይ ለከፍተኛ ብድር ኦፊሰር የውስጥ ማስታወቂያ ወጣ። «በአካውንቲንግ፣ በማኔጅመንት፣ በኢኮኖሚክስ ወይም በተዛማጅ ሙያ የመጀመሪያ ዲግሪና 4 ዓመት ልምድ» ይላል። ተመዘገብኩ፣ ተፈተንኩ፣ ኅዳር 12 ውጤት ሲለጠፍ አንደኛ ወጣሁ። በሳምንቱ የሰው ሀብት ጠርቶኝ «ዲግሪሽ በኅብረት ሥራ ስለሆነ አይዛመድም» አለኝና ቦታውን ለሁለተኛው ሰጠው። የኅብረት ሥራ ድርጅት የኅብረት ሥራ ዲግሪ አላውቅም ሲል! ልጁ ደግሞ የተመረቀው ምዝገባው ከተዘጋ በኋላ ነው፤ ሲመዘገብ ያስገባው ኮርስ መጨረሱን የሚገልጽ ደብዳቤ ብቻ ነበር። ለሥራ አስኪያጁ በጽሑፍ አመለከትኩ፤ «እናየዋለን» እንደተባልኩ ይኸው ሐምሌ አለቀ። ምን ላድርግ?

የአዳማው፦
እንዲህ ያለውን የሚያየው የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ ወሳኝ ቦርድ ነው። በዕድገት ጉዳይ ፍርድ ቤት ብትሄጂ «ሥልጣን የለኝም» ብሎ ይመልስሻል። የእኛን መሥሪያ ቤት የዕድገት መመሪያ ቦርድ ነው ያየው።

ጥቁር ካባ፦
የአዳማው ወንድሜ፣ የእናንተው የወል ክርክር ስለነበረ ነው። የዕድገት አሰጣጡ ሥርዓት ራሱ ይለወጥ የሚል ጥያቄ ሁሉንም ሠራተኛ ስለሚነካ ወደ ቦርድ ይሄዳል። የእሷ ግን «በወጣው መስፈርት መሠረት ለእኔ ይገባ ነበር» ነው፤ የግል ክርክር ነው። ስለዚህ እህቴ፣ የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011ን ይዘሽ ፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት፣ የሥራ ክርክር ችሎት። ክሱን ስታጽፊ «መመሪያው አድሏዊ ነው» የሚል ዓረፍተ ነገር አታስገቢ፤ ለተከሳሹ ጠበቃ የሥልጣን መቃወሚያ በነፃ መስጠት ነው።

ትልቁ ጉዳይ ጊዜው ነው። ከሥራ ግንኙነት የሚመነጭ ክስ፣ የተለየ ጊዜ ካልተቀመጠለት በቀር፣ በ1 ዓመት ይርጋ ይታገዳል፤ ማለትም በዚያ ጊዜ ውስጥ ካልከሰስሽ መብትሽ ይቀራል። የደመወዝና የሌላ ክፍያ ጥያቄ ደግሞ በ6 ወር። ስለዚህ የዕድገቱን ጥያቄ እስከ ኅዳር ማቅረብ ትችያለሽ፤ ከደመወዝ ልዩነቱ ግን የመጀመሪያዎቹ ወራት ከእጅሽ ወጥተዋል። ለሥራ አስኪያጁ የጻፍሽው ማመልከቻ ይርጋውን ያቆመዋል ብለሽ አትዘናጊ። ሠራተኛ የዳኝነት ክፍያ አይከፍልም፤ ሕጉ ችሎቱ በ60 ቀን እንዲወስን ይላል፣ መዝገብ ሲበዛ ግን ይንቀራፈፋል።

ዳኝነቱን በአማራጭ ጠይቂ፦ የተሰጠው ዕድገት ተሽሮ ለእኔ ይሰጠኝ፤ ይህ ቢታለፍ ውድድሩ በወጣው መስፈርት ብቻ እንደገና ይታይ። ዳኛ እንደ ዕድገት ኮሚቴ ቁጭ ብሎ ነጥብ አይሰጥም፤ ድርጅቱ ራሱ ያወጣውን መስፈርት አክብሯል ወይ ነው የሚለው። ለዚህ የልጁ የምረቃ ቀን ከአንቺ ዲግሪ ይልቅ ይጠቅምሻል።

የሰው ሀብት ሰው፦
እኔ በወዲያኛው ወንበር የምቀመጥ ነኝ፤ አትቀየሙኝ። «ተዛማጅ» የምትለው ቃል ስንት ሰው አጣልታለች! ብዙ ቦታ ዝርዝር የላትም፤ ኮሚቴው በዕለቱ የመሰለውን ይላል። ስለዚህ መጀመሪያ የሥራ መደቡን ተፈላጊ ችሎታ የሚዘረዝረውን ሰነድ አስወጪ። ኅብረት ሥራ በስም ተጽፎ ካለ ነገሩ አለቀ። ከሌለ ትራንስክሪፕትሽን አውጪና የአካውንቲንግ፣ የኦዲት፣ የፋይናንስ ኮርሶችሽን አስምሪባቸው። ደግሞ ከዚህ በፊት በዚሁ ዲግሪ ያደገ ሰው አለ? አንድ ካለ እኛ መልስ የለንም። ቃለ ጉባኤውን አንሰጥም ይሉሻል፤ «በተከሳሽ እጅ የሚገኝ» ብለሽ በማስረጃ ዝርዝርሽ ውስጥ አስገቢና በፍርድ ቤት ትእዛዝ ይቅረብ። እና «የብሔራዊ ባንክ መስፈርት ነው» ካሉሽ ደብዳቤውን አሳዩኝ በያቸው። የባንኮች የብቃት መስፈርት የሚመለከተው ዳይሬክተሮችንና ከፍተኛ አመራሩን ነው፣ ብድር ኦፊሰር ጋ አይወርድም።

የተቃጠለ፦
ከመክሰስሽ በፊት የራስሽን ወረቀት አጣሪ። እኔ ልክ እንዳንቺ ተናድጄ ከሰስኩ፤ መሐል ላይ የድርጅቱ ጠበቃ የተማርኩበት ኮሌጅ በዚያ ቅርንጫፍ ለዚያ ትምህርት እውቅና እንዳልነበረው የሚገልጽ ደብዳቤ አመጣ። ያ ሁሉ ምልልስ ውኃ በላው። ዲግሪሽን አስቀድመሽ በትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን አረጋግጪ። ከቴክኒክና ሙያ ደረጃ 4 ተነስተሽ ዲግሪ የገባሽ ከሆነ ሲኦሲሽንም (የሙያ ብቃት ማረጋገጫሽን) ያዢ። ከ2015 በፊት ከተመረቅሽ የመውጫ ፈተናው አይመለከትሽም።

ጠያቂዋ፦
እግዜር ይስጥልኝ። ከመንግሥት ዩኒቨርሲቲ በ2008 ነው የተመረቅኩት፣ ኦሪጅናሌም እጄ ላይ ነው። የሰው ሀብቱ ወንድሜ የጠየቅከኝን ሳስብ፣ የቀድሞው የብድር ክፍል ኃላፊያችን ዲግሪው ልክ እንደ እኔው ነበር! የምፈራው ግን ከከሰስኩ በኋላ ነው። ሰበብ ፈልገው ቢያባርሩኝስ?

ጥቁር ካባ፦
አሠሪን መክሰስ ወይም አቤቱታ ማቅረብ ለስንብት በቂ ምክንያት እንደማይሆን አዋጁ በግልጽ ጽፏል። ሰበብ ግን ይፈልጋሉ፤ እሱን አልዋሽሽም። ከዛሬ ጀምሮ ሰዓት አታሳልፊ፣ ፈቃድ ስትወጪ በጽሑፍ ይሁን፣ የምታስረክቢውን ፋይል ሁሉ አስፈርሚ። ካባረሩሽ ወደ ሥራ ልመለስ ለማለት ያለሽ 3 ወር ብቻ ነው። ለመሆኑ ማስታወቂያው በእጅሽ አለ?

ጠያቂዋ፦
የለኝም ብዬ ነበር። ዛሬ ጠዋት ሰሌዳውን ሳየው፣ ከስብሰባ ጥሪውና ከእቁቡ ዝርዝር ሥር፣ የጥቅምቱ ወረቀት ከነማኅተሙ አለ። የምዝገባ መዝጊያው ቀንም ይነበባል። ፎቶ አንስቼዋለሁ።