«ኑዛዜ» ከወዴት መጣ? አያቴ ውርስ መስሏት ደነገጠች

ጠባሴ፦
ሰላም ናችሁ። ዛሬ ይዤላችሁ የመጣሁት ቃል «ኑዛዜ» ነው። አማቻችን፣ የእህቴ ባል ማለቴ ነው፣ ካቶሊክ ነው፣ የእምድብር ልጅ፣ ለፋሲካ ደብረ ብርሃን እኛ ቤት መጥተው ነበር። ማክሰኞ ማታ ቡና ተፈልቶ ቁጭ ብለን ስንጫወት «እኔ ነገ አዲስ አበባ ደርሼ ልምጣ፣ መናዘዝ አለብኝ» አለ። አያቴ ሲኒዋን ረከቦቱ ላይ መልሳ አስቀምጣ ትክ ብላ አየችውና «ምነው ልጄ፣ ሐኪም ምን ቢልህ ነው?» አትለውም! ለካ ሊሞት ነው ንብረቱን ሊያካፍል ነው ብላ ነው። እህቴ ሳቋን መቆጣጠር አቃታት፣ እሱ ግራ ገብቶት አንዴ እሷን አንዴ አያቴን ያያል። ሲያስረዳት ደግሞ ይባስ አለ፣ «ማን ጋ ነው የምትናዘዘው?» «ያገኘሁት ቄስ ጋ።» «የማያውቅህ ሰው ጋ?!»
ጥያቄዬ፣ ኃጢአት መናገርና ንብረት ማውረስ እንዴት በአንድ ቃል ተጠሩ? የቱ ነው የቀደመው? ደግሞስ ካቶሊኮቹ ኑዛዜ የሚሉት እኛ ንስሐ የምንለውን ነው ወይስ ሌላ ነገር?

ሰላ ድንጋዬ፦
አንተ ልጅ በአያትህ አትሳቅ፣ እሷ የሰማችው ልክ ነው። ከግዕዙ እንነሳ። ናዘዘ ማለት በግዕዝ አጽናና ማለት ነው፣ ኃጢአትም የለበት ውርስም የለበት። ጰራቅሊጦስ ናዛዚ ሲባል ሰምተህ የለ፣ አጽናኙ ማለት ነው። እንግዲህ አማርኛው ወስዶ ተናዘዘ አለው፣ ያ የሚጽናናው ሰውዬ የሆዱን ዘርግፎ ቀለለው እንደ ማለት። የሚሰማው ቄስ ደግሞ አናዘዘ ይባላል፣ እሱ ላይ የድሮው ማጽናናት ትንሽ ሽታው ቀርቷል።
ወደ ውርሱ እንዴት ተሻገረ ላልከው እኔ ያየሁትን ልንገርህ። አባቴ ሲናዘዙ አሥራ ሁለት ዓመቴ ነበር፣ ባና ለብሰው መደብ ላይ ተኝተው፣ የነፍስ አባታቸው ራስጌ፣ ሽማግሌዎች ግርጌ። መጀመሪያ ሁላችንንም ውጡ ተባልን፣ እሱ የኃጢአቱ ነው። ከዚያ ግቡ ተባልንና መሬቱን፣ በሬውን፣ የንብ ቀፎውን ሳይቀር ለእገሌ ለእገሊት አሉ። ቄሱ ተነስተው ደጃፍ ሲደርሱ አባቴ መልሰው ጠሯቸውና «ሁለት ቁና ገብስ የጎረቤቴ አለብኝ፣ ረስቼው» አሉ። ቄሱም «ይኸን ለልጆችህ ንገር እንጂ እኔ ምን አደርገዋለሁ» ቢሏቸው «ለአንተም ለነሱም ነው» አሉ። ይኸው ነው መልሱ። ያልተከፈለ ዕዳ ኃጢአትም ነው ለወራሽ የሚተርፍ ጉዳይም ነው፣ በአንድ ቁጭታ በአንድ ምስክር ፊት ነው ሁለቱም የሚወጡት፣ ስለዚህ ሕዝቡ ሁለት ስም ምን ያደርግለታል። በኋላ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ሲወጣ ቃሉን እንዳለ አነሳው፣ በግልጽ የሚደረግ ኑዛዜ፣ ተናዛዡ በራሱ እጅ የጻፈው ኑዛዜ፣ የቃል ኑዛዜ ብሎ ሦስት አደረገው፣ የቃሉ ሁለት ምስክር ይበቃዋል። አሁን ፍርድ ቤት ገብተህ ተናዛዥ ቢሉህ ቤትና መሬት ያለው ሰው ነው፣ ኃጢአቱን የሚጠይቀው የለም።

የመንዝ ባና፦
ጋሼ እጅ ነስቻለሁ፣ የሁለት ቁና ገብሷ ነገር ሆዴን በላችው። እኔ ግን ሌላ ላንሳ፣ ካቶሊኮቹ ጋ ቄሱ የሰማውን ቢገደል አያወጣም ይባላል አይደል፣ ታዲያ «ቄሱም ዝም መጽሐፉም ዝም» የሚባለው ከዚያ ነው እንዴ የመጣው 😄

ሰላ ድንጋዬ፦
የለም የለም። ቄሱም ዝም መጽሐፉም ዝም ማለት መልስ የሚጠበቅበት ነገር ድምፁ ሲጠፋ ነው። ሊያነብ የሚገባው ቄስ አላነበበም፣ ሊነበብ የሚገባው መጽሐፍ አልተገለጠም። ቀበሌ ማመልከቻ አስገብተህ ስድስት ወር ሲሞላህ የምትለው ነው እንጂ ምስጢር ለጠበቀ ሰው ምስጋና አይሆንም። ተረቱን ገልብጠህ አታውለው።

አንኮበሬ፦
እኔ ካቶሊክ ነኝ፣ ካቶሊኮቹ ካቶሊኮቹ ስትሉ እየሰማሁ ነው እሺ። ጠባሴ፣ ለመጨረሻው ጥያቄህ፣ የምስጢሩ ስም እኛም ጋ ምሥጢረ ንስሐ ነው፣ ከሰባቱ አንዱ፣ ኑዛዜ የምንለው በውስጡ ያለውን አፍ አውጥቶ የመናገሩን ክፍል ነው። መጀመሪያ ጸጸት፣ ከዚያ ኑዛዜ፣ ከዚያ ካሳ። ካሳ የሚለው ደስ ይለኛል፣ በሬው ማሳህን ሲበላብህ የምትጠይቀው ያው ካሳ ነው። እናንተ «ቀኖና ሰጡኝ» የምትሉት ማለት ነው፣ ያም ቢሆን ከግሪኩ የመጣ ነው፣ ሥርዓት መለኪያ ማለት ነበር፣ በአማርኛ ስግደትና ጾም ሆኖ አረፈ። ግን ሕዝባችን ቶሎ ብሎ «ልናዘዝ ሄድኩ» ይላል እንጂ «ንስሐ ልገባ» የሚል አልሰማም፣ ለዚህ ነው የአማችህ ቋንቋ አያትህን ያስደነገጣት። ቃሉ አንድ ነው፣ ለእኛ የሳምንት የወር ጉዳይ ነው፣ ለእሷ ደግሞ የመጨረሻ ቀን። በ1215 (በፈረንጆቹ) የላተራን ጉባኤ የሚባለው የቤተ ክርስቲያናችን ጉባኤ ቢያንስ በዓመት አንዴ ተናዘዙ ብሎ ደንግጎ ስለነበር ፋሲካ ሲደርስ ሰልፉ ለዚያ ነው።
የማያውቅህ ሰው ጋ ላለችው ግን አያትሽ ትክክል ናት… አያትህ ማለቴ ነው ይቅርታ። እናንተ ጋ የነፍስ አባት የቤተሰብ ነው፣ ቤት ይመጣል ጠበል ይረጫል፣ ዝክር ይባርካል፣ ልጁን ክርስትና ያነሳዋል፣ ስትጣሉ ያስታርቃል። እኛ ጋ ፈቃድ ያለው ማንኛውም ካህን ይሰማሃል፣ እንዲያውም የማያውቀኝ ይሻለኛል የሚለው ብዙ ነው። ያ ወንፊት ያለበት የእንጨት ሳጥንም በ16ኛው መቶ ዘመን የሚላኑ ሊቀ ጳጳስ ካርሎ ቦሮሜዎ ያስለመደው ነው፣ ካህኑና ተናዛዡ በተለይ ሴት ከሆነች እንዲጋረዱ። እኔ ልጅ ሆኜ ወንፊቱ ጋ አፌን ሳስጠጋ የእንጨቱ ቫርኒሽ ይሸተኝ ነበር፣ እስከ ዛሬ አዲስ ቁም ሳጥን ሲሸተኝ ኃጢአቴን መቁጠር እጀምራለሁ። ምስጢሩን ያወጣ ካህን ደግሞ ያለ ፍርድ ያኔውኑ ከቤተ ክርስቲያን አንድነት ይወጣል፣ ሕጉ እንደዚያ ነው።

ጠባሴ፦
ኧረ እህቴ ተባረኪ። ቫርኒሹን ለአማቻችን እነግረዋለሁ።

የመንዝ ባና፦
እኔ ደግሞ ሌላ ጉድ ልጨምር፣ «ቆረበ»። አዲስ አበባ አብሮኝ የሚሠራ ልጅ «የልጄ የመጀመሪያ ቁርባን ነው እሁድ ና» ብሎ ጠራኝ፣ ልጁ ስምንት ዓመቱ ነው። እናቴን ስነግራት «በስምንት ዓመቱ ቆረበ? ታዲያ ሚስት ሊያገባ አይደለም?» አለችኝ። እኛ አገር ቆረበች ከተባለ እኮ ባሏ ሞቶ ነገር ዓለሙን የተወች አሮጊት ናት፣ ወይ ሕፃን ወይ ሽማግሌ ነው የሚቆርበው፣ መሃሉ ኃጢአቱን እያሰበ ይርቃል። ወይም በቁርባን ተጋቡ ከተባለ ሞት ካልሆነ ፍቺ የለም ማለት ነው። «ከዚህ ሥራ ጋር ቆርቤያለሁ እንዴ» የሚባለውም ከዚሁ መሆኑ ነው። ስምንት ዓመት ልጅ ነጭ በነጭ ለብሶ ኬክ ሲቆርስ ሳይ ራሴም ትንሽ ግር ብሎኛል ልዋሽ አልችልም።

ሰላ ድንጋዬ፦
ቁርባን ከቀረበ ነው፣ ማቅረቢያ መሥዋዕት፣ ዕብራይስጡም ሶርያውም እንደዚያው ነው የሚሉት። በቀረበ የተጠራውን ነገር ሕዝባችን ከፍራቻ ብዛት የሚራቅ አደረገው፣ ይህን ሊቃውንቱ ራሳቸው በየስብከቱ ይናገሩታል፣ ቁረቡ ቁረቡ እያሉ ነው።

ጠባሴ፦
«አባ»ስ? አማቻችን የሠላሳ ዓመት ልጅ የሚሆን፣ ጢሙን የተላጨ፣ ሹራብ የለበሰ ሰው ፎቶ አሳይቶን «ይሄ አባ እገሌ ነው» ሲል አያቴ ፎቶውን አዙራ ሁሉ ነው ያየችው።

አንኮበሬ፦
😂 እኛ ጋ ካህን ሁሉ አባ ነው፣ መነኩሴ ሆነ አልሆነ። እናንተ ጋ የሚለየው ሚስት ነው። ዲያቆኑ አግብቶ ይቀስሳል ቄስ እገሌ ይባላል፣ ሚስቱ ከሞተች ሁለተኛ አያገባም፣ ይመነኩስና ያኔ አባ ይሆናል። የእኛዎቹ አብዛኞቹ ከመጀመሪያው አያገቡምና ሕዝቡ ቄስ ለማለት ሚስቱን አጣ መሰለኝ፣ አባ አላቸው፣ በቃ። ጢምን በተመለከተ፣ ፍልስፍናና ነገረ መለኮት ቢያንስ ስድስት ዓመት ተምረው ነው የሚቀሰሱት፣ «ከመጠምጠም መማር ይቅደም» ያሉት የእናንተ አባቶች አይደሉ እንዴ።
ሲስተርም እንዲሁ ነው። እናንተ መነኩሲቷን እማሆይ ትላላችሁ፣ እኛ ሲስተር እንላለን፣ ሐኪም ቤት ሄዳችሁ ደግሞ መርፌ የምትወጋዋ ሲስተር ናት። አክስቴ የማኅበር ሲስተርም ነርስም ስለሆነች «ሲስተር የትኛዋን ሲስተር ነሽ» ተብላ ታውቃለች።

ሰላ ድንጋዬ፦
አባ ካላችሁ አይቀር በእኛው አገር የነበሩትን አባ ማስያስን እንዴት ረሳችኋቸው። ጣሊያናዊ የካቶሊክ ሚስዮናዊ ናቸው፣ በ1868 እ.ኤ.አ. ነው ሸዋ የገቡት፣ ያኔ ንጉሥ ምኒልክ ልቼ ነበሩ፣ ከደብረ ብርሃን ብዙም አይርቅም። እስከ 1879 ድረስ ቆይተው አፄ ዮሐንስ ከአገር አስወጧቸው፣ በኋላ ሮም ካርዲናል ሆኑ። እኔን የሚገርመኝ ግን ሸዋ ከመግባታቸው አንድ ዓመት ቀድመው የአማርኛና የኦሮምኛ ሰዋስው በላቲን ጽፈው ፓሪስ ማሳተማቸው ነው፣ ይሄ ቤት ያኔ ቢኖር አባል ይሆኑ ነበር። ፈንጣጣ እየከተቡ ይዞሩ ስለነበር ሕዝቡ የፈንጣጣ አባት አላቸው። አያችሁ፣ አባ የሚለውን ለማዕረጉም ለሥራውም ሰጣቸው።
ማኅበራቸው ካፑቺን ነው። በጣሊያንኛ ካፑቾ የቀሚሱ ቆብ ነው፣ ስለዚህ ባለ ቆቦቹ ማለት ነው። እኛ «ቆብ ደፋ» «ቆቡን ጣለ» እንደምንለው፣ ቅናት ቆብ አስኬማ ብለን የምንኩስናውን ልብስ ከምናስቀምጠው መሃለኛው ማለት ነው እንግዲህ።

የመንዝ ባና፦
ቆይ ቆይ፣ ካፌ የምንጠጣው ካፑቺኖስ?

ሰላ ድንጋዬ፦
ከእነሱው ነው፣ የቡናው መልክ የልብሳቸውን ቡኒ ስለሚመስል። ስለዚህ ፒያሳ ገብተህ «አንድ ካፑቺኖ» ስትል «አንድ ትንሽ መነኩሴ» እያልክ ነው።

የመንዝ ባና፦
ከእንግዲህ በጾም አላዝዝም በቃ። ወተቱ አይበቃ መነኩሴ ተጨምሮ።

ጠባሴ፦
ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ትናንት ማታ ለአያቴ የጻፋችሁትን አነበብኩላት። የጋሼን የገብስ ታሪክ ሳሰማት አንገቷን ነቀነቀች፣ «እንዲህ ነው ሰው መሞት» አለች። የወንፊቱን ስነግራት ዝም። ቆይታ ቆይታ «እሺ ይሁን፣ ይናዘዝ ላገኘው። ሲታመም ግን ማን ነው የሚመጣለት?» አለችኝ። ለአማቻችን ደወልኩለት፣ እሱም ካህኑ ዘይት ይዞ ይመጣል፣ ቀንዲል ይባላል፣ ድሮ ለሚሞት ሰው ብቻ ነበር የሚመስለን ከሁለተኛው ቫቲካን ጉባኤ ወዲህ ግን የሕሙማን ነው፣ ታሞ የሚድንም ይቀባዋል አለኝ። ይህን ስነግራት አያቴ «ቀንዲልማ መብራት ነው፣ ዘይቱ ነው የሚቀባው መብራቱ?» ብላ ጠየቀችኝ።
እንግዲህ ጋሼ፣ ለነገ ይህን ያዙልኝ።