የአዳማ አየር ስስ በመሆኑ ሙቀት የማስተላለፍ ችሎታው ይቀንሳል? የቆርቆሮ ቤትስ ለምን ይግላል?

የፊዚክስ መምህር፣ አዳማ

ሰላም ለሁላችሁ። በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊዚክስ አስተምራለሁ። በዚህ ሳምንት ስለ ሙቀት አስተላላፊነት ስናጠና የተለመዱትን የክፍል ሙቀት ቁጥሮች ሰሌዳው ላይ ጻፍኩ፤ መዳብ 400፣ አሉሚኒየም 237፣ ብረት 80፣ ውኃ 0.6፣ አየር 0.026፣ ሁሉም በዋት በሜትር በኬልቪን። አንዲት ተማሪ የሚከተለውን ጠየቀች፤ አዳማ ከባሕር ጠለል በላይ 1,600 ሜትር ገደማ ላይ ስለምትገኝ የአየሩ ግፊት ጅቡቲ ወደብ ላይ ካለው በ17 ከመቶ ያህል ያንሳል፤ ሙቀት የሚያደርሱት ሞለኪውሎች ቁጥራቸው ከቀነሰ የአዳማ አየር አስተላላፊነትም በዚያው ልክ መቀነስ የለበትም ወይ? አስተሳሰቧ ትክክል ይመስላል፤ ሆኖም በመጻሕፍት ውስጥ የአየር አስተላላፊነት ከግፊት ጋር ተያይዞ ሲሰጥ አላየሁም።

ሁለተኛው ጥያቄ የራሴ ነው። አየር ከሁሉም ያነሰ አስተላላፊ ከሆነ፣ በቆርቆሮውና በቺፕውድ ኮርኒሱ መካከል ያለው ሠላሳ ሳንቲሜትር አየር ቤቱን ከቀትር ፀሐይ ሊጠብቀው ይገባ ነበር። በአዳማ የሚኖር ሰው ሁሉ እንደሚያውቀው ግን አይጠብቀውም። ምክንያቱን በቁጥር አስደግፎ የሚያስረዳኝ ካለ እጅግ አመሰግናለሁ።

የዩኒቨርሲቲ መምህር፣ ሐዋሳ

መምህር፣ የተማሪዎ ጥያቄ በእውነት የሚመሰገን ነው። መልሱ ግን አስተላላፊነቱ አይቀንስም የሚል ነው፤ ይህም የጋዞች ጥናት ካስገኛቸው እጅግ አስደናቂ ውጤቶች አንዱ ነው።

በጋዝ ውስጥ ሙቀት የሚተላለፈው ሞለኪውሎቹ ራሳቸው ከሞቀው ወገን ወደ ቀዘቀዘው እየበረሩ፣ ይዘውት የመጡትን ጉልበት በግጭት ሲያስረክቡ ነው። ስለዚህ አስተላላፊነቱ የሚወሰነው በአንድ ሜትር ኩብ ውስጥ ባሉት ሞለኪውሎች ብዛት፣ እያንዳንዱ ሊይዝ በሚችለው ሙቀት፣ በፍጥነታቸው፣ እንዲሁም አንዱ ሞለኪውል ከአንድ ግጭት እስከ ቀጣዩ በሚጓዘው አማካይ ርቀት ነው። ተማሪዎ ያየችው የመጀመሪያውን ብቻ ነው። ሞለኪውሎቹ ሲቀንሱ እርስ በርስ የሚጋጩበት ዕድልም ስለሚቀንስ፣ የሚጓዙት ርቀት በዚያው ልክ ይረዝማል። በባሕር ጠለል ላይ ይህ ርቀት 68 ናኖሜትር ያህል ሲሆን አዳማ ላይ ከ80 ናኖሜትር ትንሽ ይበልጣል። ተሸካሚው በስድስተኛ ያህል ቀንሷል፣ የቀረው እያንዳንዱ ተሸካሚ ግን ጉልበቱን የበለጠ አርቆ ያደርሳል፤ ብዜቱ አይለወጥም። የሐዋሳ አየርም፣ የአዳማ አየርም፣ የጅቡቲ አየርም በአንድ የሙቀት መጠን ላይ እስከተለኩ ድረስ 0.026 ገደማ ናቸው።

የፊዚክስ ሊቁ ማክስዌል በ1860 ባሳተመው ጥናት የጋዝ ዝልግልግነት፣ ማለትም ለመፍሰስ የሚያሳየው ተቃውሞ፣ በእፍግታው (በአንድ ሜትር ኩብ ውስጥ ባለው ክብደት) ላይ እንደማይመሠረት ሲተነብይ፣ ለራሱም ለማመን የሚከብድ ውጤት ነበር። የሙቀት አስተላላፊነትም ያንኑ መንገድ ይከተላል። ይህንን በ1872 በልኬት ያረጋገጠው የቪየናው የፊዚክስ ሊቅ ዮሴፍ ስቴፋን ነው፤ አየሩን በሁለት የብረት ዕቃዎች መካከል በሚገኝ ቀጭን ክፍተት ውስጥ በመያዝ እንቅስቃሴው ልኬቱን እንዳያበላሽበት አደረገ።

ለክፍልዎ የሚጠቅም አንድ ነገር ልጨምር። ከላይ የጠቀስኳቸውን አራቱን መጠኖች አባዝተው ለሦስት ቢያካፍሉ ለአየር 0.009 ገደማ ያገኛሉ፤ ይህም ከተለካው ሲሶ ያህል ብቻ ነው። ልዩነቱ በዋነኛነት የሚመጣው ሁሉንም ሞለኪውሎች እኩል ፈጣን አድርገን በመቁጠራችን ነው። እንደ እውነቱ ከሆነ ፈጣኖቹ ብዙ ጉልበት ይይዛሉ፣ ርቀውም ይሄዳሉ፤ ስለዚህ ድርሻቸው ከቁጥራቸው እጅግ ይበልጣል። ቀላል ጋዞች የሚበልጡትም በፍጥነታቸው ነው፤ ሃይድሮጅን 0.18፣ ሂሊየም 0.15 ሲደርሱ፣ ከባዱ አርጎን 0.018 ላይ ይቀራል። በድርብ መስታወት መስኮቶች ውስጥ አርጎን የሚሞላውም ለዚሁ ነው።

ሕጉ ገደብ አለው። ሞለኪውሉ የሚጓዘው ርቀት ከዕቃው ክፍተት ጋር ሲተካከል፣ ከዚያ በላይ ሊረዝም የሚችልበት ቦታ ስለማይኖር አስተላላፊነቱ ከግፊቱ ጋር አብሮ ይወርዳል። ለ1 ሚሊሜትር ክፍተት ይህ የሚሆነው ግፊቱ ወደ 7 ፓስካል ሲወርድ ነው፤ ይህም ከከባቢ አየር ግፊት ከአሥር ሺህ አንድ እጅ እንኳ ያነሰ ነው። ጄምስ ዴዋር በ1892 የሠራው፣ ዛሬ ቴርሞስ የምንለው ዕቃ አየሩ በደንብ ተመጦ ካልወጣ የማይሠራው በዚህ ምክንያት ነው። ግማሹን አየር ማውጣት ምንም አይጠቅምም።

የተማሪዎ ግምት ሙሉ በሙሉ መሠረተ ቢስ እንዳይመስላት ግን ይህን ይንገሯት፤ አየሩ ራሱ እየተንቀሳቀሰ በሚያደርገው ማቀዝቀዝ፣ ማለትም በኮንቬክሽን ላይ፣ የእፍግታ መቀነስ እውነተኛ ተጽዕኖ አለው። ከ1,000 ሜትር በላይ የሚተከሉ የኤሌክትሪክ ሞተሮችና ትራንስፎርመሮች የሚሸከሙት ጭነት እንዲቀነስ የሚታዘዘው አየሩ በሚገባ ስለማያቀዘቅዛቸው ነው።

የግንባታ ባለሙያ፣ አዳማ

የሐዋሳው መምህር ስቴፋንን ማንሣታቸው መልካም ሆነ፤ የቆርቆሮውን ጥያቄ የሚመልሰውም እርሱ በ1879 ያገኘው፣ የሞቀ አካል ምን ያህል ሙቀት በጨረር እንደሚልክ የሚገልጸው ሕግ ነውና።

ቆርቆሮው በቀትር 60 ዲግሪ ሴልሺየስ፣ የኮርኒሱ ጀርባ ደግሞ 35 ዲግሪ ነው እንበል። በሠላሳ ሳንቲሜትር የቆመ አየር ውስጥ በኮንዳክሽን፣ ማለትም አየሩ ራሱ ሳይንቀሳቀስ፣ የሚያልፈው ሙቀት 0.026 በ25 ተባዝቶ ለ0.3 ሲካፈል ነው፤ ይህም በካሬ ሜትር 2.2 ዋት ያህል ይሆናል። በቀን አየሩ በእርግጥም የቆመ ነው፤ የሞቀው አየር ቀላል ሆኖ ከላይ ቆርቆሮው ሥር ስለሚቀመጥ ወደ ታች የሚገፋው ነገር የለም። ስለዚህ አየሩ ሥራውን በሚገባ እየሠራ ነው፤ መምህር በአየሩ ላይ ያነሡት ቅሬታ አየሩን አይመለከተውም።

ሙቀቱ የሚገባው አየሩን ሳይነካ ነው። በ60 ዲግሪ ያለ የዛገ ወይም ቀለም የተቀባ ቆርቆሮ በ35 ዲግሪ ወዳለው ኮርኒስ የሚልከው የተጣራ የሙቀት ጨረር በካሬ ሜትር ከ130 ዋት በላይ ነው፤ በአየሩ በኩል ከሚያልፈው ስድሳ እጥፍ ማለት ነው። አዲስ የሚያብረቀርቅ ቆርቆሮ ጨረሩ ዝቅተኛ ስለሆነ 45 ዋት ገደማ ይልካል፤ ቤቱ ሲያረጅ ይበልጥ የሚሞቀው ከፊል በዚህ ነው። ባለቤቶች ብዙ ጊዜ ኮርኒሱን ዝቅ አድርገን ክፍተቱን እናስፋው ይላሉ፤ እኔ ግን ይህን ፈጽሞ አልመክርም፤ የጨረሩ መጠን ክፍተቱ ሠላሳ ሳንቲሜትር ቢሆን ስድሳ ለውጥ የለውምና።

የሚጠቅመው የሚያብረቀርቅ የአሉሚኒየም ፎይል ከቆርቆሮው ሥር መዘርጋት ነው፤ ፊቱ ወደ አየሩ፣ ወደ ታች ይዙር። በተመሳሳይ የሙቀት መጠኖች የሚያልፈው ጨረር ከ10 ዋት በታች ይወርዳል። ፊቱ ወደ ታች መሆኑ አቧራ እንዳያርፍበት ነው፤ የአዳማን አቧራ ለሚያውቅ ይህ ትንሽ ነገር አይደለም። የሚያብረቀርቀው ፊቱ ከፊቱ አየር ሳይኖር ከሌላ ነገር ጋር ከተጣበቀ ግን አሉሚኒየም ራሱ ጥሩ አስተላላፊ ስለሆነ ምንም አይከላከልም። ሌላው አማራጭ ኮርኒሱ ላይ አምስት ሳንቲሜትር ነጭ ፎም ማንጠፍ ነው። አስተላላፊነቱ 0.035 አካባቢ ነው፤ በሁለቱ ፊቶቹ መካከል 25 ዲግሪ ልዩነት እያለ የሚያሳልፈው 17 ዋት ያህል ነው። ፎም ውስጥ ያለው በአብዛኛው አየር ነው፤ ነገር ግን በጥቃቅን ቀዳዳዎች ተከፋፍሎ ስለታሰረ ሊዘዋወር አይችልም፣ ጨረሩም በየግድግዳው ይገታል።

ምሽት ላይ ነገሩ ይገለበጣል። ቆርቆሮው ከሥሩ ካለው አየር በፊት ስለሚቀዘቅዝ ቀዝቃዛው አየር ይወርዳል፣ ሞቃቱ ይወጣል፤ ያን ጊዜ ኮንቬክሽን ይጀምርና ቤቱ ይተነፍሳል።

የፊዚክስ መምህር፣ አዳማ

ሁለታችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። የጨረሩ ድርሻ ይህን ያህል መሆኑን አልገመትኩም ነበር። አንድ ነገር ይቀረኛል፤ ስለ ጋዝ የተሰጠው ማብራሪያ ለፈሳሽና ለጠጣር ይሠራል? ተማሪዎቹ በተለይ አልማዝ ነጻ ኤሌክትሮን ሳይኖረው ከመዳብ አምስት እጥፍ መብለጡን ማመን አቅቷቸዋል። ውኃ ደካማ አስተላላፊ መሆኑን በክፍል ውስጥ ማሳየት የሚቻልበት መንገድም ካለ ብትጠቁሙኝ ደስ ይለኛል።

የምህንድስና ምሩቅ፣ ሐዋሳ

መምህር፣ በፈሳሽ ውስጥ ሞለኪውሎቹ ተጠጋግተው ስለተቀመጡ የሚበሩበት ርቀት የላቸውም። ጉልበቱ ከሞለኪውል ወደ ጎረቤቱ በቀጥታ ይሻገራል፤ ይህም የሚሆነው ድምፅ በፈሳሹ ውስጥ በሚጓዝበት ፍጥነት ነው። የፊዚክስ ሊቁ ብሪጅማን በ1923 ከዚህ ሐሳብ ተነሥቶ ቀላል ቀመር አወጣ። በውኃ ላይ ቢሞክሩት፣ የድምፅን ፍጥነት 1,500 ሜትር በሰከንድ አድርገው፣ 0.64 ያገኛሉ፤ የተለካው 0.6 ነው። ስለ ሞለኪውሎቹ ርቀትና ስለ ድምፅ ፍጥነት ብቻ እያወቁ ይህን ያህል መቅረብ መቻል እጅግ ያስደንቀኛል። ዘይት 0.15 አካባቢ ነው። ሜርኩሪ ግን ፈሳሽ ብረት ስለሆነና ኤሌክትሮኖቹ ስለሚያግዙት 8 አልፎ ይሄዳል።

በጠጣር ውስጥ ሁለት ተሸካሚዎች አሉ። አንደኞቹ ኤሌክትሮኖች ናቸው፤ የፊዚክስ ሊቃውንቱ ቪድማንና ፍራንዝ በ1853 እንዳሳዩት ኤሌክትሪክን በደንብ የሚያሳልፍ ብረት ሙቀትንም በዚያው ልክ ያሳልፋል። ሁለተኛው የአተሞቹ ንዝረት ነው፤ እንደ ሞገድ ሆኖ በክሪስታሉ ውስጥ ይጓዛል። የአልማዝ አተሞች ቀላልና እርስ በርስ እጅግ ጠንክረው የተያያዙ በመሆናቸው ድምፅ በውስጡ በጣም ፈጣን ነው፣ ሥርዓታቸውም ስላልተዛባ ሞገዱ ሩቅ ሳይበተን ይሄዳል፤ አስተላላፊነቱ 2,000 የሚደርሰው ለዚህ ነው። የሐዋሳው መምህር ለጋዝ የሰጡት ብዜት እዚህም ይሠራል፤ ተሸካሚውን በሞገድ መተካት ብቻ ነው። ሥርዓት ሲፈርስ ምን እንደሚሆን ውኃ ራሱ ያሳያል፤ በረዶ ሆኖ 2.2 የነበረው ሲቀልጥ ወደ 0.56 ይወርዳል። የማይዝግ ብረት ውስጥ የተቀላቀሉት አተሞችም ኤሌክትሮኖቹን ስለሚበትኑ 15 ገደማ ላይ ይቀራል።

ሸክላ ነጻ ኤሌክትሮንም ሥርዓት ያለው ክሪስታልም ስለሌለው፣ ቀዳዳም ስለሚበዛበት ከ1 አይበልጥም። በኤሌክትሪክ ምጣድ ሥር ያለው ሽቦ ተቀራርቦ ካልተዘረጋ እንጀራው አንዱ ጋ በስሎ ሌላው ጋ ሊጥ የሚሆነው ሸክላው ሙቀቱን ወደ ጎን ስለማያሰራጭ ነው።

ለክፍል ሙከራ ሙቀት የሚችል የመስታወት ቱቦ ይውሰዱ። ትንሽ በረዶ ከታች አስገብተው እንዳይንሳፈፍ በብረት ሽቦ ይያዙት፤ ቱቦውን በውኃ ይሙሉና አዘንብለው ይዘው ከላይኛው ጫፍ አጠገብ ብቻ ያሙቁ። ውኃው ከላይ እየፈላ በረዶው ከታች እንዳለ ይታያል። ከታች ቢያሞቁት ግን ኮንቬክሽን ወዲያው ሁሉንም ያደባልቀዋል፤ ስለዚህ ከላይ ማሞቁ የሙከራው ዋና ነገር ነው።

የዩኒቨርሲቲ መምህር፣ ሐዋሳ

ለዚህ ሙከራ ስሌቱን ልጨምር፤ ተማሪዎቹ ከማየታቸው በፊት ቢሠሩት ይጠቅማቸዋል። አዳማ ላይ ውኃ የሚፈላው በ95 ዲግሪ ገደማ ነው። በፈላው ውኃና በበረዶው መካከል አሥር ሳንቲሜትር ውኃ ካለ፣ የቱቦው ወለል ስፋትም ሁለት ካሬ ሳንቲሜትር ከሆነ፣ በውኃው በኩል ወደ በረዶው የሚደርሰው 0.11 ዋት ብቻ ነው። ሁለት ግራም በረዶ ለማቅለጥ 668 ጁል ስለሚያስፈልግ ጊዜው ከአንድ ሰዓት ተኩል በላይ ይሆናል። በመስታወቱ ግድግዳ በኩል የሚወርደውና ከክፍሉ አየር የሚገባው ሙቀት ጊዜውን ያሳጥረዋል፤ በተለይ አዳማ ላይ። እንዲያም ሆኖ የላይኛው ውኃ በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ስለሚፈላ ልዩነቱ በግልጽ ይታያል። መነጽር ያድርጉ፤ የቱቦውንም አፍ ከተማሪዎቹ አቅጣጫ ያዙሩት፤ በጠባብ ቱቦ ውስጥ የሚፈላ ውኃ ድንገት ሊፈናጠር ይችላል።