«ግሬቭ ኦፍ ዘ ፋየርፍላይስ»፦ ባንክ ገንዘብ እያለ ለምን በረሃብ?

ማታ_ፊልም፦
የጃፓናዊው ዳይሬክተር ኢሳኦ ታካሃታ 1988 (እ.ኤ.አ.) ፊልም ላይ፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ማብቂያ ስለነበሩ ወንድምና እህት፣ አንድ ነገር አልገባኝም (ያላየ ሰው ከዚህ በታች አያንብብ)። እናትየዋ ባንክ 7,000 የን ትታለች። ልጇ ሴይታ 14 ዓመቱ ነው፣ ሞኝም አይደለም። ታዲያ የ4 ዓመቷ እህቱ ሴትሱኮ እንዴት በረሃብ ትሞታለች? ጥፋቱ ቤቷ ያስጠጋቻቸው የአክስትየዋ ነው?

ኮቤ45፦
ገንዘብ ብቻውን እህል አይገዛም ነበር። ሩዝ በራሽን ነው፤ ለአዋቂ በቀን 330 ግራም ገደማ፣ ጁላይ 1945 ላይ ወደ 300 ወረደ፣ ያውም በስኳር ድንችና በባቄላ እየተተካ። የሚታደለው በሰፈር ማኅበር በኩል ነው፤ የደርግ ጊዜን ቀበሌ አስበው። ሴይታ ከአክስቱ ቤት ወጥቶ ዋሻ ሲገባ ከዚያ መስመር ወጣ። ገበሬው «ይቅርታ ጠይቀህ ተመለስ» የሚለው ለዚህ ነው። ጥቁር ገበያ ቢኬድ ደግሞ ገበሬ ከብር ይልቅ ልብስ ይፈልጋል፤ የእናትየዋ ኪሞኖ ግን ቀድሞ በሩዝ ተለውጧል። የቀረውን 3,000 የን ሲያወጣ ጃፓን እጅ ሰጥታለች።

ዝምተኛው፦
በራሽኑ እስማማለሁ፣ አክስትየዋን ግን ነፃ አታውጣት። ጭልፋዋን አስተውሉ፦ ለራሷ ልጅ ከድስቱ ሥር ወፍራሙን፣ ለሁለቱ ከላይ ውሃውን። ሴይታም ቢሆን የሚሠራበት ፋብሪካ ከተቃጠለ በኋላ ሥራ አልፈለገም፤ የባሕር ኃይል መኮንን አባቱን ነው የሚጠብቀው። ሰዎች ፊልሙን «ፀረ ጦርነት» ማለታቸውን ታካሃታ አለመቀበሉ ያለ ነገር አይደለም። ከሰው ተነጥሎ መኖር የሚያመጣውን ነው የሚያሳየው።

ነርስ_ነኝ፦
ሴይታ ሴትሱኮን ስለወሰደበት ሐኪም ልጨምር። ሽፍታና ተቅማጥ ያያል፣ «የተመጣጠነ ምግብ ያስፈልጋታል» ብሎ ይሸኛቸዋል። እዚያ ደረጃ ለደረሰ ልጅ ሐብሐብና ሩዝ ማምጣት ብቻውን አይበቃም። ከአፈር የጠፈጠፈችውን «ሩዝ» ለወንድሟ ስታቀርብ አእምሮዋ ደንዝዟል። ዛሬ እንዲህ ያለ ልጅ ሲመጣ መጀመሪያ የደም ስኳር ማነስንና ብርድን ነው የምንከላከለው። ከዚያ ኤፍ-75 የሚባለው የሕክምና ወተት (በ100 ሚሊ ሊትር 75 ኪሎ ካሎሪ) በየ2 ወይም 3 ሰዓቱ፣ ሌሊትም ጭምር፣ ከአንቲባዮቲክ ጋር። በአንዴ ብዙ ከተመገበች ልቧ ሊደክም ይችላል። ፕላምፒ ነት (ከለውዝ የተሠራ የሕክምና ምግብ) የሚጀመረው የምግብ ፍላጎቷ ሲመለስ ነው።

ማታ_ፊልም፦
ታዲያ አክስትየዋ ቤት ቢቆዩ ትተርፍ ነበር?

ኮቤ45፦
ዋስትና የለውም፣ ራሽኑም አያጠግብም። ግን ባዶ እጅ አይቀሩም ነበር፣ ሴይታም በአየር ጥቃት መሃል ቤት ለቤት ሊሰርቅ ባልሮጠ።