ሰው የሚበላ ባሕር እንዴት ልጻፍ?

ጠያቂ፦ ሰላም ጓዶች! የምናብ ልቦለድ እየጻፍኩ ነው። ድግምት ያለበት ባሕር አለ፤ ሌሊት የተሻገረው አይመለስም። አንባቢ የሚያምነው እንዴት ላድርገው?

መልስ፦ ሕግ ስጠው። መቼ ይገድላል፣ ማንን ይምራል? መርከበኞቹ ሕጉን እያወቁ አንዱ ለገንዘብ ብሎ ይጣሰው።

መልስ፦ ስለ ካሜሩኑ ኒዮስ ሐይቅ አንብብ። በ1986 እ.ኤ.አ. ከሥሩ የተጠራቀመ ካርቦን ዳይኦክሳይድ በአንድ ሌሊት ገንፍሎ ወጣና ወደ 1,700 ሰው ገደለ። ጋዙ ከአየር ስለሚከብድ መሬት ለመሬት እየተሳበ ሸለቆ ውስጥ የተኙትን ብዙዎች አፈነ። ያንተም ባሕር እንዲህ ቢተነፍስስ? መጀመሪያ መርከቡ ወለል ላይ ያለው ፋኖስ ይጠፋል፤ ምሰሶ ላይ የወጣው ልጅ ብቻ ይተርፋል።

ጠያቂ፦ ልጁን ወስጄዋለሁ፣ ተባረክ! ድግምቱስ የት ይግባ?

መልስ፦ ባሕሩን የሚያስተነፍሰው ማነው? እዚያ ጋ ነዋ።