ያለ ኦቨን የሥጋና የድንች ፓይ እንዴት ይሠራል? (ደብረ ማርቆስ)

የማርቆሷ

ጤና ይስጥልኝ። ከታች የተፈጨ ሥጋ፣ ከላይ የተፈጨ ድንች ተደርጎ የሚጋገረውን የእንግሊዞች ምግብ ለፋሲካ ልሠራ አስቤያለሁ። በበግ ሲሆን ሼፐርድስ ፓይ፣ በበሬ ሲሆን ኮቴጅ ፓይ የሚሉትን ማለቴ ነው። ምክንያቴ አባታችን ናቸው። ጥርሳቸው ከሄደ ወዲህ ጥብስ ሲቀርብ መረቁን በእንጀራ አጥቅሰው ሥጋውን ለልጆች ይገፉታል። 55 ቀን ሁዳዴን ጾመው፣ ቤተሰቡ ሁሉ ሥጋ ሲበላ እሳቸው ተቀምጠው ሲያዩ አንጀቴን ይበላኛል። ብዙ ማኘክ የማይፈልግ፣ ግን ሆድ የሚይዝና የሥጋ ጣዕሙ ያልጠፋ ነገር ላቀርብላቸው እፈልጋለሁ።

ኦቨን የለኝም። ያለኝ የከሰል ምድጃ፣ የኤሌክትሪክ ምጣድና አንድ ወፍራም ብረት ድስት ነው፤ መብራቱም እንደምታውቁት ነው። ላዩ ላይ የሚታየው ቡናማ ቅርፊት ያለ ኦቨን ይገኛል ወይ? ድንቹስ የትኛው ይሻላል? ገበያ ላይ ቀዩም ነጩም አለ። በርበሬ ነገርም ግራ ገብቶኛል፤ አባታችን ይወዳሉ፣ ግን ሆዳቸው ገና ከጾም እንደወጣ ነው። ሠርታችሁ የምታውቁ እባካችሁ ዘርዘር አድርጋችሁ ንገሩኝ።

ኩሽና ባሕር ዳር

እህቴ፣ ሆቴል ስሠራ ይሄንን ምግብ በደንብ አውቀዋለሁ። ጠላቱ ውሃ ነው። ከሥጋውም ከድንቹም ውሃውን ካላወጣሽለት ድንቹ ይሰምጥና ስትቆርሺው ሾርባ ይሆናል።

ለስድስት ሰው አንድ ኪሎ ሥጋና አንድ ኪሎ ተኩል ድንች ያዢ። ከበጉ ወርቹ ጥሩ ነው። ጅማቱንና ሽፋኑን አንድም ሳታስቀሪ አውጪና አስፈጪው፤ ጥርስ ለሌለው ሰው የሚያስቸግረው እሱ ነው። የሚፈጭልሽ ካጣሽ በስል ቢላ አድቅቀሽ ክተፊው። ብረት ድስቱ በደንብ ይጋል። ሥጋውን ያለ ዘይት በሁለት ሦስት ዙር ከፋፍለሽ ጨምሪው። አንዴ ሁሉንም ከጨመርሽው ድስቱ ይቀዘቅዝና ሥጋው ውሃውን ለቆ ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም። ጆሮሽን ስጪው፤ መጀመሪያ ይንተከተካል፣ ውሃው ሲያልቅ መንጣጣት ይጀምራል። ከዚያ በኋላ ነው ቡናማ የሚሆነው። ድስቱ ወለል ላይ የሚይዘውን ቡናማ ነገር እንዳታጥቢው፣ ዋናው ጣዕም ያለው እዚያ ነው። ስቡ ከበዛ ቅጂና ሁለት ማንኪያ ያህል ብቻ አስቀሪ።

ሥጋውን አውጥተሽ በዚያው ድስት ሁለት ትልልቅ ቀይ ሽንኩርትና ሁለት ካሮት፣ ሁለቱም ደቀቅ ተደርጎ ተከትፎ፣ አቁላዪ። ነጭ ሽንኩርት ጨምሪ። ሁለት የሾርባ ማንኪያ የቲማቲም ድልህ አድርጊና ጠቆር እስኪል ድረስ አማስዪው፣ ጥሬ ድልህ ምግቡን ያኮመጥጠዋል። አንድ ማንኪያ የፎርኖ ዱቄት በትኚበት። ከዚያ ሥጋውን መልሰሽ ሁለት ብርጭቆ የአጥንት መረቅ፣ ጦስኝና የጥብስ ቅጠል ጨምሪበት፤ የጥብስ ቅጠሉን ግን ከነዘንጉ ክተቺውና መጨረሻ ላይ አውጪው፣ ድድ ይወጋል። ለአባታችሁ ስለሆነ ሳትቸኩዪ በዝግታ እስከ 45 ደቂቃ ይንተክተክ፣ መረቁ ቶሎ ካለቀ ትንሽ እየጨመርሽ። ማንኪያ ስታሳልፊበት የድስቱ ወለል ለአፍታ ታይቶ ቀስ ብሎ መገጣጠም አለበት። ያኔ አውርጂውና በደንብ ይቀዝቀዝ። ትኩስ ሥጋ ላይ ድንች ከጫንሽ ይሰምጣል።

በርበሬን በተመለከተ ግማሽ ማንኪያ ከሽንኩርቱ ጋር ብታቁላዪ ምግቡን አያበላሸውም ባይ ነኝ።

የእንጅባራ ልጅ

ስለ ድንቹ እኔ ልመልስ፣ ያደግሁበት ነው። ቀለሙን አትመልከቺ፣ ዝርያው ነው የሚወስነው። አንቺ የምትፈልጊው ሲቀቀል የሚፈረፈረውን፣ ዱቄታሙን ነው። አዴት ግብርና ምርምር ያወጣቸው ዘንገናና ጓሳ የሚባሉ አሉ፣ ጉደኔና በለጠም አሉ፤ ግን ገበያ ውስጥ ሻጩ ራሱ ብዙ ጊዜ ዝርያውን ለይቶ አይነግርሽም። ስለዚህ ሁለት ሦስት ፍሬ ገዝተሽ በጨው ውሃ ፈትኚው። አንድ ስኒ ጨው በ11 ስኒ ውሃ በጥብጪና ድንቹን ጣዪበት። ዱቄታሙ ይሰምጣል፣ ውሃማው ይንሳፈፋል። የሰመጠውን ነው የምትፈልጊው፤ የተንሳፈፈውን ለወጥ አድርጊው። ፀሐይ መትቶት አረንጓዴ የለበሰውን ግን ለምንም አትግዢ። ሶላኒን የሚባል መርዝ ይኖረዋል፣ መቀቀልም አያጠፋውም።

ከነልጣጩ ቀቅዪው፣ ውሃ አይጠጣም። ደግሞ የፈረንጅ ቪዲዮ አይተሽ ደቂቃ አትቁጠሪ። ማርቆስ ከባሕር ወለል በላይ 2,400 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው፣ ስለዚህ እነሱ ከሚሉት በላይ ጊዜ ይወስድብሻል። ቢላ ሰክተሽ ስታነሺው ድንቹ በራሱ ተንሸራቶ ከወደቀ በስሏል። ውሃውን አጥልዪ፣ ላጪው፣ ከዚያ ባዶው ትኩስ ድስት ውስጥ መልሰሽ እሳቱ ላይ ትንሽ ወዝወዝ አድርጊው። እንፋሎቱ ሲወጣ ታዪዋለሽ፣ የድንቹም ዳር ዳሩ ነጣ ነጣ ይላል።

በትኩሱ በእጅ ጨፍልቂው። በመፍጫ ማሽን በፍጹም! ስታርቹ ወጥቶ ሙጫ ይሆንብሻል፣ ከሆነ በኋላ ደግሞ የሚመልሰው ነገር የለም። ቅቤውን አስቀድሚ፣ ወተቱ ትኩስ ይሁንና በጥቂት በጥቂቱ ጨምሪ። ለመብላት ከምትፈልጊው ትንሽ ጠንከር ብሎ ይቅር፣ ሥጋው ላይ ሲቀመጥ ይለሰልሳል።

የሞጣ እናት

ልጄ፣ አባትሽን እንዲህ ማሰብሽ ተባረኪ። ኦቨን ስለሌለሽ አትጨነቂ። ድፎ ዳቦ የምንጋግረው ከታችም ከላይም እሳት አድርገን አይደል? ይሄም እንደዚያው ነው።

ብረት ድስቱን ውስጡን ቅቤ ቀቢው። የቀዘቀዘውን ሥጋ ደልድዪው። ድንቹን በማንኪያ ከዳር ጀምረሽ ወደ መሀል እየጠጋጋሽ ድፈኚው፤ ዳሩ ላይ ክፍት ከተውሽ መረቁ በዚያ ይገነፍላል። ከዚያ ላዩን በሹካ ስንጥር ስንጥር አድርጊው። ጉብ ጉብ ያለው ጫፍ ነው ቶሎ የሚቀላው፣ ድልድል ያለ ድንች ግን ይደርቃል እንጂ ቅርፊት አይዝም። የቀለጠ ንጥር ቅቤ በላዩ አርከፍክፊ።

አሁን እሳቱ። ከታች ጥቂት ፍም አድርጊና አመድ አልብሺው። ከላይ ጠርዝ ያለው ብረት ምጣድ ወይም ወፍራም ቆርቆሮ ክደኚበትና ብዙውን ፍም እዚያ ላይ በትኚው። ሥጋው ቀድሞ በስሏል፣ ከታች የሚፈልገው መሞቅ ብቻ ነው፤ ሥራው ያለው ከላይ ነው። በድንቹና በክዳኑ መካከል ሁለት ጣት ያህል ክፍተት ይኑር፣ ካልሆነ ተጣብቆ ቅርፊቱን ይዞብሽ ይነሳል። ከግማሽ ሰዓት በኋላ አንድ ሰው እንዲያግዝሽ አድርጊና ክዳኑን ሳታዘነብዪ ቀጥ አድርጋችሁ አንሱት፣ አመድ እንዳይገባ። ቀላ ብሎ ዳር ዳሩ ላይ መረቁ ከተንፈቀፈቀ ደርሷል። ካልቀላ ፍሙን አድሺው። ይሄ ሁሉ ደጅ ላይ ይሁን። ከሰል በተዘጋ ቤት ሰው ይገድላል።

በኤሌክትሪክ ምጣድ አትድከሚ። እሳቱ ከታች ብቻ ስለሆነ ድንቹ ይላባል እንጂ አይቀላም።

በርበሬውን ግን ከላይ ከጻፈው ልጅ ጋር አልስማማም። ሁለት ወር ሊሞላ ትንሽ የቀረው ጾም የጾመ የሽማግሌ ሆድ ነው። የበግ ስብ አለ፣ ቅቤ አለ፣ በዚያ ላይ በርበሬ ያቃጥላቸዋል። ጠዋት ተልባ ይጠጡ፣ ይሄንን አልጫ አድርጊላቸው። የለመዱት ሽታ እንዲኖረው መከለሻ ጣል አድርጊበት፣ ይበቃል።

ቢቸና ለንደን

የእናቴን ሐሳብ እደግፋለሁ። እዚህም የሚጣፍጠው በቁንዶ በርበሬና በጦስኝ ነው። ብዙዎች ዉስተርሻየር ሶስ የሚባል ይጨምሩበታል፤ እዚያ ካላገኘሽ አንድ ማንኪያ አቼቶና ቁንጥር ስኳር ሥጋው ውስጥ አድርጊ፣ የስቡን ክብደት ይቆርጥልሻል። አተር ከጎን ይቀርባል፣ አባታችሁ እንዲመቻቸው እሱንም ልታደቂው ትችያለሽ።

አንድ ነገር ልጨምር። ኮቴጅ ፓይ የሚለው ስም እ.ኤ.አ. ከ1791 ጀምሮ ተጽፎ ይገኛል፣ የድሃው ሰው ምግብ ድንች እየሆነ በመጣበት ጊዜ ማለት ነው። ዱሮ ብዙ ጊዜ የሚሠራውም ከእሁድ በተረፈ የተጠበሰ ሥጋ ነበር። ስለዚህ የተረፈ ጥብስ ካለሽ አድቅቀሽ ከትፈሽ በመረቅ አልስልሰሽ መሥራት ትችያለሽ። እኔ እንዲያውም ከትኩሱ ይልቅ እሱን እወደዋለሁ።

የማርቆሷ

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። እማማ፣ የፍሙ ነገር ዓይኔን ነው የገለጡልኝ፣ ድፎ እየጋገርኩ ይሄን አለማሰቤ! በርበሬውን ትቼዋለሁ። አንድ የቀረኝ ነገር፣ ቅዳሜ ሹር ሥጋውንም ድንቹንም አዘጋጅቼ ባሳድረው ይሆናል? እሁድ ዶሮው አለ፣ እንግዳው አለ፣ እጄ አይበቃም። ግን ቅዳሜ ጾም ስለሆነ ጨው መቅመስ አልችልም።

የሞጣ እናት

ቅዳሜን ተዪው። ሳይቀመስ የተሠራ መረቅ ለሽማግሌ አይሰጥም። በጉም እሁድ ነው የሚታረደው፣ ያን ዕለት ሥጋው ገና ድርቅ ይላል። እሁድ ዶሮውን በእንጀራ አርሰሽ አጉርሻቸው። በግ ሥጋውን ንጹሕ ጨርቅ ሸፍነሽ ቀዝቃዛ ቦታ ይደር፣ ፍሪጅ ካለሽ እዚያ፣ እና ሰኞ ለማዕዶት ሥሪው። ጠዋት ሥጋውን ከሠራሽ እስከ ምሳ ይቀዘቅዝልሻል፣ ድንቹን በዚያ መሀል ታደርሺዋለሽ።

ኩሽና ባሕር ዳር

እማማ እውነታቸውን ነው፣ ሰኞ ይሁን። በርበሬውንም እሺ ብያለሁ። ከእሳት ካወረድሽው በኋላ ሳትነኪው 15 ደቂቃ ይቀመጥ፣ ካልተረጋጋ ሲቆረስ ይፈርሳል። የአባታችሁን ድርሻ ከመሀል ውሰጂላቸው፤ ዳሩ ላይ ቅርፊቱ ይጠነክራል። ከተረፈ ማክሰኞ በድጋሚ ስታሞቂ ትንሽ መረቅ ከዳር አፍሺበትና ክደኚው። እስከ ጰራቅሊጦስ ረቡዕና ዓርብም ስለማይጾም አባታችሁ ከወደዱት ደጋግመሽ ትሠሪላቸዋለሽ።