የኢንዶኔዥያ ወጣቶች ነገር፦ ሁሉም ከኮሪያ ኮፒ ነው እንዴ?

የሳሪሱ_ልጅ፦
ሰላም ቤቶች። ቲክቶኬ በኢንዶኔዥያ ልጆች ተሞልቷል፣ ያ ቀዘፋ ውድድር ላይ ጀልባው ጫፍ ቆሞ ጥቁር መነፅር አድርጎ የሚደንሰውን ልጅ ላይክ ካደረኩ ወዲህ መሰለኝ። አሁን ግን የሚመጣልኝ ሁሉ የኮሪያ ፀጉር፣ የኮሪያ ዘፈን፣ የኮሪያ ኑድል ምናምን ሆኗል። እህቴ የቢቲኤስ (የኮሪያው ባንድ) ነገር ስለማይሆንላት "እዛ ያሉት ፋኖች ከኛ ይብሳሉ" ትለኛለች። የራሳቸው የሆነ ነገር አላቸው ወይስ ዝም ብሎ ኮፒ ነው? የሚያውቅ ካለ በናታችሁ ንገሩኝ፣ ጎግል ባሊ ባሊ ብቻ ነው የሚያመጣልኝ።

ጆግጃ_ያለሁ፦
እኔ በስኮላርሺፕ ዮግያካርታ ነው የምማረው፣ ልጆቹ ጆግጃ ነው የሚሏት። እህትህ አልዋሸችም፣ ጁን 2021 ማክዶናልድ የቢቲኤስን ምግብ ሲያወጣ የሞተር ዴሊቨሪዎቹ ሰልፍ በዝቶ በኮቪድ ምክንያት ስንት ቅርንጫፍ ለጊዜው ተዘግቷል። ግን በዛ ብቻ ከፈረድክ ተሸውደሃል ወንድሜ።
እኔን የገረመኝ ዲዲ ኬምፖት ነው። የሶሎ ከተማ ሰው ነው፣ መንገድ ላይ እየዘፈነ የጀመረ፣ በጃቫኛ ነው የሚዘፍነው፣ ስለ ባቡር ጣቢያ፣ ስለ አውቶብስ ተራ፣ እመጣለሁ ብላ ስለቀረች ልጅ። ድሮ የትልልቅ ሰዎች ዘፋኝ ነበር፣ ከዛ 2019 ላይ የዩኒቨርስቲ ልጆች ኮንሰርቱን ሞልተው እያለቀሱ ይጨፍሩ ጀመር፣ የምሬን ነው፣ እንባቸውን እየጠረጉ! የልበ ሰባራዎች አባት ብለው ሾሙት፣ እነሱም "ሶባት አምብያር" ተባሉ፣ ልባቸው የተሰበረ ጓደኞች እንደማለት። ሜይ 2020 ላይ በ53 አመቱ ሞተ፣ እስከዛሬ ግን እዚህ አንድ ልጅ ጊታር ካነሳ የሱን ሳይነካ አያስቀምጥም። ትዝታ እየሰማ ላደገ ሰው ቋንቋው ባይገባም አንጀት ይበላል፣ ልዩነቱ የሱ ምት ዝም ብለህ እንድትቀመጥ አይፈቅድልህም።
ሌላው ማምሸቱ ነው። ኖንግክሮንግ ይሉታል። እዚህ አንግክሪንጋን የሚባል የመንገድ ዳር ጋሪ አለ፣ ጭብጥ የማታክል የተጠቀለለች ሩዝ፣ ስንጥር ላይ የተሰካ ጥብስ፣ ሻይ፣ ከዛ ምንጣፍ ላይ ቁጭ ብሎ ወሬ። አንድ ሻይ ይዘህ እስከ ሌሊት ብትቆይ ማንም ተነስ አይልህም። ፍቅሩም ባንዱም ፖለቲካውም እዛው ነው የሚጠነሰሰው። ኢንዶሚ ቤትም ሞልቷል (ሰፈራችሁ ሱቅ ያለው ኢንዶሚ የነሱ እኮ ነው)።

ልብስ_ሰፊዋ፦
ጃካርታን ረሳሃት! 2022 ጁላይ ላይ የሆነውን ማንም ስታይሊስት ቢያስብ አያመጣውም። ከቺታያም፣ ከቦጆንግ ገዴ፣ ከዴፖክ፣ ማለት ከከተማው ውጪ ካሉ ሰፈሮች፣ ገና አስራዎቹ ውስጥ ያሉ ልጆች በባቡር ዱኩህ አታስ የሚባለው ቦታ መጥተው የእግረኛ ዜብራውን ካትዎክ አደረጉት። የባቡሩ ታሪፍ ለመጀመሪያው 25 ኪሎሜትር 3 ሺህ ሩፒያ ነው፣ ምንም ማለት አይደለም። የለበሱት ሳልባጅና የገበያ ልብስ፣ ከበላያቸው የባንክ ፎቆች። ቺታያም ፋሽን ዊክ ተባለ። የከተማው ገዥ አኒስ ባስዌዳን ሳይቀር ዜብራው ላይ ተራመደ።
ከዛማ የታወቀ ነው፣ ሀብታሙ መጣ። ባይም ዎንግ የሚባል ተዋናይ በድርጅቱ በኩል ስሙን እንደ ንግድ ምልክት ሊያስመዘግብ አመለከተ፣ ሀገር ሲጮህበት ማመልከቻውን አነሳ። ፖሊስም የትራፊክ መጨናነቅ ምናምን ብሎ ልጆቹን ከዛ በተናቸው። እኔ እስካሁን ያናድደኛል፣ ልጆቹ መቀመጫ ቦታ ነው ያጡት እንጂ ሾው ሊሰሩ አልመጡም ነበር።
ሳልባጅ ካነሳሁ ደግሞ፣ ፓሳር ሰነን ገበያ ሄዶ መበርበር ትልቅ ትሬንድ ነበር፣ 2023 ማርች ላይ ግን መንግስት የሀገር ውስጥ ጨርቃጨርቅ እየገደለ ነው ብሎ ቦንዳውን እየሰበሰበ አቃጠለ። አሁን የሀገራቸውን ስኒከር የሚለብሱ በዝተዋል፣ ኮምፓስ የሚባለው አሪፍ ነው።

ኡም_ሰልማን_ጅዳ፦
ልጆች፣ እኔ ከኢንዶኔዥያዎች ጋር አንድ ቤት ሰርቻለሁ፣ ደጎች ናቸው ወላሂ። ሂጃባቸውን ሲያስሩ ብታዩ በየቀኑ ሌላ ስታይል ነው። ግን ስለ ጭፈራው ብቻ አታውሩ፣ እዛ ሀገር ያለው ወጣት ስራ አጥቶ ተቃጥሏል። 2025 ፌብሩዋሪ ላይ "ካቡር አጃ ዱሉ" የሚል ሀሽታግ ወጥቶ ነበር፣ ለጊዜው እንጥፋ እንደማለት፣ ሁሉም ወደ ጃፓን ወደ ጀርመን እንዴት እንደሚኬድ ሲመካከር ነበር። አንድ ምክትል ሚኒስትር ደግሞ ሂዱ፣ ካስፈለገም አትመለሱ የሚል ነገር ተናግሮ ጉድ ተባለ። ስደት የቀመሰ ሰው እንዲህ አይልም።

የሳሪሱ_ልጅ፦
ኧረ እትዬ ይሄን አላውቅም ነበር። ልብስ ሰፊዋ የዜብራውን ቪዲዮ አሁን እያየሁ ነው፣ ሙዳቸው ገደለኝ 😂

አኒሜ_ብቻ፦
ኦገስት 2025ን ሳትረሱ! የነፃነት በዓላቸው 80ኛ አመት ሊከበር ሲል ልጆቹ ዋን ፒስ የሚባለውን አኒሜ የገለባ ኮፍያ ባንዲራ በየቤቱና በየመኪናው ሰቀሉ፣ ባለስልጣኖቹ ክህደት ነው ምናምን ብለው ሲቆጡ ይባስ በዛ። በሚቀጥለው ወር ኔፓል ሰልፍ ላይም ያው ባንዲራ ታየ። አኒሜው የጃፓን ነው እሺ፣ እዚህ ላይ ግን ማን ማንን ኮፒ አደረገ?

ጨዋ_ሰው፦
ከሁሉም ያሳቀኝ የስትራቫው ነው፣ ሩጫ የሚመዘግበው አፕ። 2024 ላይ ሩጫ ፋሽን ሲሆን ሰው ቀጥረው በስማቸው የሚያስሮጡ ነበሩ፣ ጆኪ ይሉታል፣ በኪሎሜትር ነው የሚከፈለው፣ ፈጣን ከሆነ ይጨምራል። እኛ ሀገር ቢጀመር እኮ የበቆጂ ልጅ ሁሉ ሚሊየነር ነበር።

የሳሪሱ_ልጅ፦
😂😂 ጆግጃ፣ ከዲዲ ሌላ ጠንከር ያለ ነገር ካለ ጠቁመኝ፣ እኔ ሮክ ነው የምሰማው።

ጆግጃ_ያለሁ፦
እንግዲያው ቮይስ ኦፍ ባቼፕሮት በልና ፈልግ። ከጋሩት፣ ምዕራብ ጃቫ፣ ሂጃብ የለበሱ ሶስት ሴቶች ናቸው፣ ሜታል ነው የሚጫወቱት፣ 2024 ግላስተንበሪ ላይ ወጥተዋል፣ የእንግሊዙ ትልቅ የሙዚቃ ፌስቲቫል። ድምፁን ቀንሰህ ጀምር፣ ጎረቤት እንዳይመጣብህ።