የጠቋሚዎቹ ስም ይታተም ወይስ ይቅር?

የጽሕፈት ባለሙያዋ (ደብረ ማርቆስ)፦
ሰላም ለሁላችሁ ይሁን። የዚህ ወር የንባብ ቡድናችን መወያያ የስለላና የወታደራዊ መረጃ መጻሕፍት ስለሆኑ፣ እኔ ከሥራ ጠረጴዛዬ ላይ የተነሣ ጥያቄ አቀርባለሁ። ከሁለት ሳምንት በፊት አንድ አዛውንት በደርግ ዘመን በወታደራዊ መረጃ ክፍል ያገለገሉበትን ማስታወሻ እንድተይብላቸው ይዘውልኝ መጡ። ሦስት ባለ ሃምሳ ሉክ ደብተር ነው። ጽሕፈታቸው እንደ ብራና ጸሐፊ ቀጥ ያለ ነው፤ ስርዝ ድልዝ የለውም። ሁለቱን ጨርሻለሁ። የሦስተኛው ደብተር መጨረሻ ላይ ግን በቀይ እስክሪብቶ የተጻፉ 23 ስሞች አገኘሁ፤ ከነአባታቸው፣ ከነቀበሌያቸው። ከእያንዳንዱ ስም ጎን «ከዚህ እስከዚህ ዓመት መረጃ ያቀብል ነበር» ይላል። አንደኛውን ስም አውቀዋለሁ። የሰውየው ልጅ ጎረቤቴ ናት፤ ቡና እንጠራራለን።

እጄን ከቁልፎቹ ላይ አነሣሁ። አዛውንቱን ስጠይቃቸው «እውነት ነው፤ እውነት ደግሞ ይጻፋል» አሉኝ። እንዲህ ያለ ስም ይታተም ወይስ ይቅር? መልሱልኝ፤ እስካሁን አልተየብኩትም።

የብቸናው፦
ይታተም።

አባቴ በ1970 ዓ.ም. ሌሊት ሲወሰድ የስድስት ዓመት ልጅ ነበርኩ። እናቴ አራት ወር ሙሉ በየቀኑ ስንቅ ታመላልስ ነበር። አንድ ቀን ጥበቃው «ከእንግዲህ አታምጪ» ብሎ አገልግሉን እንደ ተዘጋ መለሰላት። ያን ጊዜ ስንቅ መመለስ ምን ማለት እንደሆነ ያልገባው ሰው አልነበረም። አገልግሉን ቤት አምጥታ መደብ ላይ አስቀመጠችው፤ የሚከፍተው ጠፋ። ሻጋታው በክዳኑ ስር እስኪወጣ ድረስ እዚያው ነበር።

ማን እንደ ጠቆመው እስከ ዛሬ አላውቅም። ሽበት ያወጣ የከተማችንን ሰው ሁሉ እያየሁ «ይሄ ይሆን?» ስል አድጌአለሁ። ስሙ ባለመውጣቱ የተጠበቀው ጠቋሚው ብቻ ነው። ንጹሑ ሰው ሁሉ በእኔ ልብ ተጠርጣሪ ሆኖ ኖሯል። እኅቴ፣ ተይቢው።

መጽሐፍ ነጋዴው (ፍኖተ ሰላም)፦
እኔም ከብቸናው ወንድማችን ጋር ነኝ። የተደበቀ ነገር አይሞትም። ፒተር ራይት የተባለው የቀድሞ የእንግሊዝ የስለላ መኮንን በ1987 እ.ኤ.አ. ማስታወሻውን ሲያሳትም የእንግሊዝ መንግሥት አውስትራሊያ ድረስ ሄዶ ከሰሰ፣ ተረታ። በአገር ቤት ታግዶ ሳለ ሰዎች ከውጭ በሻንጣ እያስገቡ አነበቡት፤ በሚሊዮን የሚቆጠር ቅጂ ተሸጠ። ክልከላው ነው ያነበበው እንዲበዛ ያደረገው።

በሃያ ዓመት የሱቅ ዕድሜዬ ያየሁትም ይህንኑ ነው። የደህንነትና የጦር ሰዎች ማስታወሻ ከመደርደሪያ ላይ አያድርም። ገዢው ግን ገልበጥ ገልበጥ አድርጎ መጀመሪያ የሚፈልገው የሚያውቀውን ሰው ስም ነው። ባለሥልጣኑን በምዕራፍ ሙሉ ወቅሶ «አንድ የማልጠቅሰው ግለሰብ» የሚል መጽሐፍ አንባቢን ያበሽቀዋል። ደራሲው የራሱን ጀግንነት በስም፣ የሌላውን ጥፋት በ«አንድ ሰው» ሲጽፍ ምን ይባላል?

የታሪክ መምህር፣ ጡረታ ላይ (ደብረ ማርቆስ)፦
የብቸናው ልጄ፣ የእናትህን አገልግል ካነበብኩ በኋላ ለመጻፍ ድፍረት አጥቼ ቆየሁ። ይሁንና የተለየ ሐሳብ ስላለኝ ይቅር በለኝ።

ስለላ ለጎጃም እንግዳ አይደለም። በነሐሴ 1932 ዓ.ም. እንግሊዛዊው ኮሎኔል ሳንድፎርድ የመራው «ተልእኮ 101» የተባለው ትንሽ ቡድን ከሱዳን ወደ ጎጃም ሲገባ፣ ስለ ጣልያን ጦር መረጃ መሰብሰብና አርበኞችን ማስተባበር ሥራው ነበር። ተቀናቃኝ የነበሩትን ደጃዝማች መንገሻ ጀምበሬንና ደጃዝማች ነጋሽ በዛብህን ማስማማትም የዚያው ሥራ አካል ሆነ። ንጉሠ ነገሥቱ ጥር 12 ቀን 1933 ዓ.ም. ኦሜድላ ላይ ድንበር ተሻግረው በመጋቢት መጨረሻ ማርቆስ ሲገቡ፣ በቁጥር እጅግ የሚበልጠውን የጣልያን ጦር ከምሽጉ ያስለቀቀው ጥይት ብቻ አልነበረም። የእንግሊዙ የጦር አዛዥ ዊንጌት የጦሩን ማነስ ሸሽጎ ብዙ መስሎ መታየቱም ነበር። ያንን ሁሉ ወሬ ከምሽግ ወደ ጫካ ያመላለሰው የአገሬው ሰው ግን ማን ነበር? የሳንድፎርድና የዊንጌት ስም አለ፣ የእርሱ የለም።

በሌላው ወገን ደግሞ ራስ ኃይሉ ተክለ ሃይማኖት ከጣልያን ጋር ማበራቸው በየታሪክ መጽሐፉ ተጽፏል፤ መጻፉም ተገቢ ነው። ትልቅ ሰው ነበሩ፣ በሥልጣናቸው የወሰኑት ውሳኔ ነበር። ነገር ግን በ1950ዎቹ ተማሪ ሳለሁ አጠገቤ የሚቀመጥ አንድ ልጅ ነበር። አያቱ ባንዳ ነበሩ ይባላል። አንድ ቀን ሰሌዳ ላይ «የባንዳ ዘር» ተብሎ ስሙ ተጽፎ አገኘው። በመዳፉ አጠፋው፤ ጠመኔው እንደ ነጭ አመድ እጁ ላይ ቀረ። ከዚያ ቀን በኋላ ትምህርት ቤት አልመጣም። የራስ ኃይሉን ስም ታሪክ ተሸከመው፣ የዚያን ሽማግሌ ስም የስምንት ዓመት ልጅ ተሸከመው።

ስለዚህ ያዘዘው፣ የፈረመው፣ ደመወዝ እየበላ ያስገደለው በስሙ ይጻፍ። በደብተር ጫፍ ላይ የተለቀመ የመንደር ስም ግን አይታተም።

ሬዲዮ ኦፕሬተር የነበርኩ (ቡሬ)፦
መምህር፣ ልክ ነዎት። እኔ ግን ከይሉኝታ ሳይሆን ከሙያው ልናገር። በጦሩ ውስጥ 11 ዓመት መልእክት ስቀበልና ሳስተላልፍ ኖሬአለሁ። በመረጃ ሥራ ሁለት ጥያቄዎች ለየብቻ ይመዘናሉ፤ ምንጩ ታማኝ ነው ወይ? ወሬውስ እውነት ነው ወይ? ታማኝ ሰው የተሳሳተ ወሬ ሊያመጣ ይችላል፤ ውሸታምም አንዳንዴ እውነት ይናገራል። እነዚህ ሁለቱ ሳይጣሩ የተመዘገበ ስም መረጃ አይባልም።

አለቃ ደግሞ በየወሩ ስም ይፈልጋል። «ስንት ምንጭ አለህ?» ይባላል። አንድ መቶ አለቃ ሻይ ቤት አብሮት የተቀመጠውን ሁሉ «ምንጭ» እያለ ሲያስመዘግብ በዓይኔ አይቻለሁ። ለምንጭ የሚከፈለው ገንዘብ የት እንደሚገባ እግዚአብሔር ይወቀው። ስለ ዝናብና ስለ ጤፍ ዋጋ ያወራ ገበሬ በደብተር ላይ ሰላይ ሆኖ ቀረ፤ ራሱ ሳያውቀው። የአዛውንቱ 23 ስሞች ውስጥ እንዲህ ያለው ስንት ነው? እርሳቸውም ላያውቁት ይችላሉ።

የብቸናው፦
ጋሼ፣ እንግዲያው የዚያ ዘመን ወረቀት ሁሉ ይጣል? ደርግ የተፈረደበት በራሱ ወረቀት አይደለም?

የሕግ ባለሙያ (ባሕር ዳር)፦
ጥሩ ጥያቄ ነው፤ ልዩነቱ እዚህ ላይ ነው። በ1984 ዓ.ም. የተቋቋመው የልዩ ዐቃቤ ሕግ ጽሕፈት ቤት ከደርግ መዛግብት ብዙ የጽሑፍ ማስረጃ ሰብስቧል። ፊርማና ማኅተም ያለበት ትእዛዝ ነው። ያም ቢሆን ፍርድ ቤት ቀርቦ፣ ተከሳሽ ወይም ጠበቃው ተከራክሮበት፣ ዓመታት ፈጅቶ ነው በታኅሣሥ 1999 ዓ.ም. የጥፋተኝነት ፍርድ የተሰጠው። መጽሐፍ ላይ የወጣ ስም ግን ተከራካሪ የለውም፣ ይግባኝም የለውም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችንም በሕይወት ያለን ሰው ስም ማጥፋት በኃላፊነት ያስጠይቃል ይላል። አዛውንቱም አሳታሚውም ይህን ይወቁ።

ምሥራቅ ጀርመኖች ከዚህ የባሰ ገጥሟቸው ነበር። ሽታዚ የተባለው የስለላ ፖሊሳቸው ፋይል መደርደሪያ ተቀጣጥሎ ቢለካ ከ100 ኪሎ ሜትር ይበልጣል። በ1992 እ.ኤ.አ. መዝገቡ ሲከፈት ስም ዝርዝሩን አትመው ገበያ ላይ ማዋልን ሕጉ አልመረጠም። የተሰለለው ሰው ራሱ ቀርቦ የራሱን ፋይል ያነብባል፤ የሌሎች ተበዳዮች ስም ይጋረድለታል፤ በሐሰት ስም የሰለለውን ሰው እውነተኛ ስም ግን ጠይቆ ማወቅ ይችላል። በዚህ መንገድ የትዳር ጓደኛቸው እንደ ሰለላቸው ያወቁ አሉ። አዎ፣ መራራ ነው። ያወቀው ግን የተበደለው ሰው ነው እንጂ መጽሐፍ የገዛ ሁሉ አይደለም።

ከሞጣ፦
አባቴ ጠቋሚ ነበር ተብሎ ሲታማ ኖሮ ሞተ። ነበር ወይም አልነበረም ማለት አልችልም፤ አንድም ቀን አልጠየቅኩትም። ሁለት ወንድሞች አሉኝ። ስሙ ታትሞ ቢወጣ የሟች ልጅ የሚፈልገው በሕይወት ያለውን ነው። እዚህ አገር ደም እንዴት እንደሚፈለግ የማያውቅ ሰው ካለ ሽማግሌዎችን ይጠይቅ፤ ለአንድ ነፍስ ስንት ዓመት እንደ ለመኑ ይንገሩት። በዚህ በያዝነው ጊዜ ደግሞ ጠቋሚ መባል ምን እንደሚያስከትል ልነግራችሁ አይገባም።

መጽሐፍ ነጋዴው (ፍኖተ ሰላም)፦
እኅቴ፣ አልተከራከርኩሽም። ነገር ግን የስም መውጣት ሰው ያስገድላል የሚለው ክርክር ኃያላንም ራሳቸውን የሚከላከሉበት ነው። የአሜሪካ የስለላ ድርጅት የሲአይኤ ባልደረባ የነበረው ፊሊፕ ኤጂ በ1975 እ.ኤ.አ. የባልደረቦቹን ስም በመጽሐፍ ዘርዝሮ ጻፈ። በዚያው ዓመት መጨረሻ አቴንስ ላይ የድርጅቱ የዚያ ከተማ ጣቢያ ኃላፊ ሪቻርድ ዌልች ተገደለ። ጥፋቱ ሁሉ በኤጂ ላይ ተለጠፈ፤ የዌልችን ስም ያወጡት ግን ሌላ መጽሔትና የአቴንስ ጋዜጣ ነበሩ እንጂ የእርሱ መጽሐፍ አልነበረም። ከዚያ በ1982 እ.ኤ.አ. አሜሪካ ውስጥ የስውር ሠራተኛን ማንነት መግለጥ ወንጀል የሚያደርግ ሕግ ወጣ። አያችሁ፣ በአንድ ሰው ሞት ሰበብ ሌላው ሁሉ ይዘጋል።

የታሪክ መምህር፣ ጡረታ ላይ (ደብረ ማርቆስ)፦
ስለ ዌልች ያልከው ትክክል ነው። ቢሆንም እነዚያ የተዘረዘሩት መንግሥት ደመወዝ የሚከፍላቸው፣ መንግሥት የሚጠብቃቸው የስለላ ባልደረቦች ነበሩ። የሞጣዋን ልጅ ወንድሞች ማን ይጠብቃቸዋል?

የብቸናው፦
የሞጣዋ እኅቴ፣ እኔ ደም አልፈልግም። በእናቴ ስም እምልልሻለሁ። የእኔ ጥያቄ አንድ ነው፤ ማን ነበር? ያ ሰው በሕይወት ካለ በሩ ላይ ቆሜ «ለምን?» ብዬው ልመለስ። ሕግ ባለሙያው ስለ ጀርመን የነገሩን መዝገብ እኛ አገር የለም። እኔ ሄጄ የማነብበው ፋይል የት አለ? ያለኝ የአንድ አዛውንት ደብተር ነው። እርሳቸው ነገ ቢሞቱ ይኸውም የለም።

የጽሕፈት ባለሙያዋ (ደብረ ማርቆስ)፦
ሦስት ቀን ዝም ያልኩት አዛውንቱን ለማነጋገር ነው። ይህን ሁሉ በወረቀት አትሜ አነበብኩላቸው። የአገልግሉ ታሪክ ላይ ስደርስ መነጽራቸውን አወለቁ። የቡሬውን ጋሼ ሐሳብ ሲሰሙ ግን ተቆጡ፤ «እኔ ሻይ የጋበዝኩትን አልመዘገብኩም» አሉ። ከዚያ ደብተሩን ተቀብለው ስሞቹን አንድ በአንድ በጣታቸው እየነኩ ቆዩ። አራቱ ላይ ሲደርሱ «እነዚህን ከሌላ ሰው የሰማሁት ነው» አሉኝ። ሲያመጡልኝ 23ቱም እኩል እርግጥ ነበሩ።

እኔ ከዚህ በኋላ ወስኛለሁ። ያዘዙትን መኮንኖች ስም፣ የእርሳቸውን የራሳቸውን ጭምር፣ እንዳለ ተይቤአለሁ። ዝርዝሩን አልተይብም፤ ሌላ ጽሕፈት ቤት መውሰድ መብታቸው መሆኑን ነግሬአቸዋለሁ። አልወሰዱትም፤ ደብተሩ መሳቢያዬ ውስጥ ተቆልፎበታል፣ ቁልፉ ከእርሳቸው ጋር ነው። የእኔ ፍርድ ይህ ነው፤ ያ ገጽ የገበያ ዕቃ አይደለም፣ ባለቤት አለው። ባለቤቶቹ ደግሞ ስንቃቸው የተመለሰባቸው ናቸው።

የብቸናው ወንድሜ፣ አዛውንቱ በ1970 ብቸናን በጥቂቱ እንደሚያውቁት ነግረውኛል። የአባትህን ስም ለእኔ ሳይሆን ለእርሳቸው ይዘህ ና ብለዋል። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ቤታቸው ይጠብቁሃል።

የብቸናው፦
እመጣለሁ፤ እናቴንም ይዤ እመጣለሁ። ይታተም ያልኩትን ግን አልለወጥኩም።